በሙታን ላይ ከመፍረድ በፊት፦ የድሮ የጦር መርከቦችን ሲያጠና ካረጀ ሰው ለወጣቶች

ውድ ልጆቼ፤

ታሪክ ለማጥናት የምታስቡ ወጣቶች አልፎ አልፎ ትጽፉልኛላችሁ። አብዛኛው ደብዳቤያችሁ ደስ ያሰኘኛል፤ አንዳንዱ ግን እንቅልፍ ይነሳኛል። እንቅልፍ ከነሱኝ መካከል የቅርቡ ስለ ስዊድኗ የጦር መርከብ ስለ ቫሳ የተጻፈው ነው። አንድ ጎበዝ ልጅ በኢንተርኔት ያየውን አጭር ፊልም ልኮልኝ፣ «ጋሼ፣ እነዚህ ሰዎች እንዴት እንዲህ ይሞኛሉ? ያን ሁሉ ገንዘብ ያፈሰሱባትን መርከብ ከወደብ ሳትርቅ ያሰምጣሉ?» ይለኛል። ከጥያቄው ሥር የሳቅ ምልክት ደርድሮበታል። አልተቆጣሁትም፤ ፊልሙ ራሱ ለማሳቅ የተሠራ ነው። መልሱ ግን ለእሱ ብቻ መሆን የለበትም ብዬ ለሁላችሁም እጽፈዋለሁ።

ለማታውቁኝ፣ በወጣትነቴ ምጽዋ ላይ በኢትዮጵያ ባሕር ኃይል አገልግያለሁ። የዚያን ጊዜ ዋና መርከባችን «ኢትዮጵያ» ትባል ነበር፤ አሜሪካኖች በሁለተኛው የዓለም ጦርነት የተጠቀሙባትና በ1962 ለእኛ የሰጡን መርከብ ናት። (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመተ ምሕረቶች በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) አብዮቱ ሲመጣ ወደ ስዊድን ተሰደድኩ፤ እዚያው ተምሬ፣ ከ1500 እስከ 1700 ባሉት ሁለት መቶ ዓመታት የጦር መርከብ እንዴት እንደተለወጠ ሳጠና ጡረታ ወጣሁ። ሥራዬ ይኸው ነው።

ወደ ቫሳ ልመለስ። ንጉሥ ጉስታቭ አዶልፍ ከፖላንድ ጋር ይዋጋ ነበር። በ1625 መጀመሪያ ላይ ከሆላንድ ከመጣው መርከብ ሠሪ ከሄንሪክ ሂበርትሶንና ከሥራ ሸሪኩ ጋር የአራት መርከቦች ውል ተዋዋለ። በዚያው ዓመት በመስከረም ወር ዐሥር የስዊድን መርከቦች በሪጋ ባሕረ ሰላጤ በማዕበል ጠፉ። ከዚያ በኋላ የንጉሡ ደብዳቤዎች ሁሉ የችኮላ ናቸው። የመርከቦቹን መጠን እየቀያየረ፣ ሥራው እንዲፋጠን እየወተወተ ይጽፋል። መሪ ሠሪው ታሞ በ1627 ሞተ። ግንባታውን ረዳቱ ሄይን ያኮብሶን ቀጠለ፤ የመርከብ መሥሪያውን ሥራና ሂሳብ ደግሞ የሟቹ ባለቤት ማርጋሬታ ኒልስዶተር ያዘች። ይህችን ሴት አስታውሷት፤ ብዙ መጽሐፍ ይዘላታል።

መርከቧ ውኃ ላይ ሆና ገና ሳትጠናቀቅ፣ ሠላሳ ያህል መርከበኞች በላይኛው ወለል ላይ ከአንዱ ጎን ወደ ሌላው እየሮጡ እንዲፈትኗት ተደረገ። በየሩጫው ይበልጥ ትዘነብል ጀመር። ሦስተኛው ሩጫ ላይ አድሚራል ክላስ ፍሌሚንግ ፈተናውን አስቆመ፤ ቢቀጥሉ እዚያው በወደቡ ልትገለበጥ ነበር። እንግዲህ ልብ በሉ፦ ያውቁ ነበር። ነሐሴ ወር፣ በ10ኛው ቀን 1628፣ ከዐሥሩ ሸራዎች አራቱን ብቻ ዘርግታ፣ ለክብር የመድፍ ተኩስ መስኮቶቿን ከፍታ ወጣች። አንድ ሺህ ሦስት መቶ ሜትር ያህል እንደሄደች ነፋስ መታት፤ በታችኛው ረድፍ የመድፍ መስኮቶች ውኃ ገባባት፤ ሰመጠች። ሠላሳ ያህል ሰው ሞተ። ካፒቴኑ ወዲያው ታሰረ፤ መርማሪዎች ተሰየሙ። መድፎቹ በሚገባ ታስረው ነበር? መርከበኞቹ ሰክረው ነበር? መርከቧን ለማጽናት ከሆዷ የተጫነው የሚዛን ድንጋይ በቂ ነበር? ሠሪዎቹ ንጉሡ ራሱ ባጸደቀው ልኬት እንደሠሩ ተናገሩ። ንጉሥ አይከሰስ። በመጨረሻ ማንም አልተቀጣም።

አሁን ልጁ የጠየቀኝን ጥያቄ እንይ። እነዚያ ሰዎች ለምን አላሰሉም? የማስያ መንገድ ስላልነበራቸው ነው። በዚያ ዘመን መርከብ የሚሠራው በሬሾ ነው፤ ርዝመቷ ይህን ያህል ከሆነ ወርዷ ይህን ያህል፣ ጥልቀቷም ይህን ያህል ይሁን በሚል ከአባት ወደ ልጅ የተላለፈ ደንብ ነበር። የሆላንድ አናጢዎች በተለይ ያለ ንድፍ ወረቀት፣ ሳንቃውን ከሥር ጀምረው እየገጣጠሙ፣ ቅርጹን በዓይናቸው እየዳኙ ይሠሩ ነበር። ይህ ዘዴ በሺህ የሚቆጠሩ ጥሩ መርከቦች አስገኝቷል። ችግሩ ማንም ሠርቶ የማያውቀውን ነገር ስትሠሩ ይመጣል፤ የአባቶች ደንብ ያለፈውን እንጂ የሚመጣውን አይነግርም። ሁለት ሙሉ የመድፍ ወለል ያላት፣ ስድሳ አራት መድፍ የምትሸከም፣ አብዛኞቹም ባለ ሃያ አራት ፓውንድ ጥይት የሆኑባት መርከብ ለስዊድን አዲስ ነገር ነበረች።

መርከብ ስትዘነብል መልሳ እንድትቀና የሚያደርጋትን ነገር በሂሳብ ያሳየው ፈረንሳዊው ፒየር ቡጌር ነው፤ መጽሐፉ የታተመው በ1746 ነው። ቫሳ ከሰመጠች አንድ መቶ ዐሥራ ስምንት ዓመት በኋላ መሆኑ ነው። ታላቁ የሂሳብ ሊቅ ኦይለርም በራሱ መንገድ ደርሶበት በ1749 አሳተመ። ስለ ቡጌር አንድ ነገር ልጨምር፣ ምክንያቱም ከእናንተ ብዙዎቹ «ባሕር የሌለው አገር ልጅ የመርከብ ታሪክ ምን ይሠራለታል?» ትሉኛላችሁ። ቡጌር መጽሐፉን በአብዛኛው የጻፈው በደቡብ አሜሪካ በአንዲስ ተራሮች ላይ ሆኖ ነው። የምድርን ቅርጽ ለመለካት ተልኮ ኪቶ አካባቢ ዓመታት ሲቆይ፣ ከአዲስ አበባ በማያንስ ከፍታ ላይ ተቀምጦ መርከብ ለምን እንደምትገለበጥ አሰላ። ጥያቄያችሁን ከዚህ የተሻለ የሚመልስ ነገር የለኝም።

ስለዚህ ለታሪክ ተማሪ የመጀመሪያው ምክሬ ይህ ነው፦ ሥራችሁን «ሞኞች ነበሩ» ብላችሁ አትጀምሩ። ሞኝነት ማብራሪያ አይደለም፤ ምርምሩን የሚዘጋ በር ነው። ይልቅስ ያ ሰው በዚያች ዕለት ምን ያውቅ ነበር? ምን ለማወቅ ይችል ነበር? ማንን ይፈራ ነበር? ብላችሁ ጠይቁ። የአድሚራሉን ፈተና ያስቆመው እውቀት ነው፤ መርከቧን የላካት ደግሞ ፍርሃትና ችኮላ ነው። ንጉሡ ፕሩሲያ ነበር፤ ደብዳቤው እየመጣ ነበር፤ «ንጉሥ ሆይ፣ መርከብህ አትሆንም» የሚል ሰው አልተገኘም። ይህን ለመረዳት የሂሳብ ሊቅ መሆን አያስፈልግም፤ የትኛውም መሥሪያ ቤት ውስጥ የሠራ ሰው ያውቀዋል።

ወደ ዕቃው ልውሰዳችሁ። ቫሳ በ1961 ከሠላሳ ሜትር በላይ ጥልቀት ካለው ውኃ ወጥታ ዛሬ ስቶክሆልም ሙዚየም ውስጥ አለች። ዘጠና ስምንት ከመቶው የራሷ አካል ነው። ይህ የሆነው በባልቲክ ባሕር ጨዋማነት ማነስ ምክንያት እንጨት የሚበላው የመርከብ ትል እዚያ ስለማይኖር ነው። በውስጧ ከተገኙት ዕቃዎች መካከል የአናጢዎች ማስመሪያዎች አሉ። ማስመሪያ ምን ያስደንቃል ትሉ ይሆናል። በቅርብ ስታዩአቸው ግን አንድ ዓይነት አይደሉም። አንዳንዶቹ በስዊድን ጫማ የተከፈሉ ናቸው፤ አንዱ ጫማ ዐሥራ ሁለት ኢንች ነው። ሌሎቹ በአምስተርዳም ጫማ የተከፈሉ ናቸው፤ አንዱ ጫማ ዐሥራ አንድ ኢንች ነው፤ ርዝመቱም ከስዊድኑ ያጥራል። በአንድ መርከብ ላይ፣ ጎን ለጎን የቆሙ ሁለት አናጢዎች «ዐሥር ጫማ» ተብለው ታዘው የተለያየ ርዝመት ያለው እንጨት ይቆርጡ ነበር ማለት ነው። የመርከቧ ግራና ቀኝ ጎንም በትክክል እኩል አይደሉም። መርከቧን ያሰመጣት ይህ ነው አልልም። ዋናው ጥፋት ከውኃ በላይ ያለው አካሏ ከመጠን በላይ ከብዶ መሠራቱ ነው። ማስመሪያዎቹ የሚነግሩን ሌላ ነገር ነው፦ በመርከብ መሥሪያው ውስጥ ሆላንዳዊና ስዊድናዊ በአንድ ላይ ይሠሩ እንደነበር፣ ትእዛዝ በቃል እንደሚተላለፍ፣ የአገሪቱ መንግሥት ገና አንድ ጫማ እንኳ አልተስማማ እንደነበር። ይህን በየትኛውም የንጉሥ ደብዳቤ ውስጥ አታገኙትም።

በነገራችን ላይ ብዙ ሰው መርከቧን ያሰመጧት መድፎቹ ናቸው ይላል። መድፍ የሚታይና የሚያስፈራ ነገር ነውና ጥፋቱን ለመሸከም ይመቻል። ነገር ግን ክብደታቸው ተደምሮ ከመርከቧ ጠቅላላ ክብደት አንድ ዐሥረኛውን አይሞላም። ቁጥር ያለበትን ክርክር በቁጥር ጨርሱት።

ሁለተኛው ነገር ከዚህ ይከተላል፤ ወጣቶች ሲዘሉት ስለማይ ሰፋ አድርጌ እናገረዋለሁ። እኛ የምናውቃቸው የዚያ ዘመን መርከቦች በአብዛኛው የሰመጡት ናቸው። ጥሩ የሠራች መርከብ ሃያ ሠላሳ ዓመት ታገለግላለች፤ ከዚያ ትፈርሳለች፤ እንጨቷ ለቤት ምሰሶ ወይም ለማገዶ ይሆናል፤ ብረቷ ይቀልጣል። ለእኛ ምንም አይቀርም። ጭቃ ውስጥ ተቀብራ የምትጠብቀን ያልተሳካላት ናት። ስለዚህ ሙዚየም ውስጥ የቆመውን ዓይተን ስለ ዘመኑ ሁሉ ስንፈርድ የምንፈርደው በታመሙት ላይ ብቻ ተመሥርተን ነው። የቫሳ እህት መርከብ ኤፕሌት ትባላለች፤ ትርጓሜዋ ፖሙ ነው። በዚያው መሥሪያ፣ በእነዚያው እጆች ተሠርታ በ1629 ውኃ ላይ ወረደች። ወርዷን ትንሽ አስፍተውት ነበር። አልተገለበጠችም። ለሠላሳ ዓመት ያህል አገለገለች፤ ስታረጅ በ1659 የስቶክሆልምን መግቢያ ለመዝጋት ሆን ተብሎ እንድትሰምጥ ተደረገች። ፍርስራሿ የተገኘው በ2021 ነው፤ ማንነቷም በቀጣዩ ዓመት ተረጋገጠ። ስለ እሷ ፊልም የሠራ ሰው እስካሁን አላየሁም። ሞኞች የተባሉት ሰዎች ግን ከአንድ ስህተት ተምረው በዓመቱ ያረሙ ሰዎች ነበሩ።

ስለ ብልሃታቸው ካነሳን አይቀር፣ በ1660ዎቹ አልብሬክት ፎን ትራይሌበን የሚባል ሰው እርሳስ ከሚባለው ከባድ ብረት በተሠራ ትልቅ ደወል ውስጥ ሰዎችን አቁሞ ወደ ባሕሩ ወለል ያወርድ ነበር። በደወሉ ውስጥ የታፈነው አየር እስኪያልቅ ድረስ፣ በጨለማና በቅዝቃዜ ውስጥ ቆመው፣ በረጅም መቆንጠጫ ከቫሳ ላይ ከሃምሳ በላይ መድፎች አወጡ። እያንዳንዱ ትልቅ መድፍ ከአንድ ቶን በላይ ይመዝናል። በመዝገብ የሰፈረ ነገር ነው። እኔ ይህን ባሰብኩ ቁጥር እንደ አዲስ እገረማለሁ።

በዚያው ዘመን ወደ እንግሊዝ ተሻገሩ። ንጉሥ ቻርልስ ቀዳማዊ ሦስት የመድፍ ወለል ያላት መርከብ ሊያሠራ ሲነሳ፣ የባሕር ጠበብቱ ማኅበር ትሪኒቲ ሃውስ በ1634 እንዲህ ያለ ነገር ከሰው ጥበብ በላይ ነው ብሎ ተቃወመ። ፊንያስ ፔትና ልጁ ፒተር ግን ሠሯት። «ሶቨሪን ኦፍ ዘ ሲስ» ትባላለች፤ በ1637 ተጠናቀቀች፤ ከመቶ በላይ መድፍ ተሸከመች፤ ብዙ ጦርነት አይታ ከስድሳ ዓመት ገደማ በኋላ በእሳት አደጋ ጠፋች። ፔት ከሂበርትሶን የተሻለ ሂሳብ ያውቅ ነበር? አያውቅም። ቡጌር ገና አልተወለደም። ሁለቱም ገመቱ፤ አንዱ ተሳካለት። እንግዲህ ባለሙያዎቹ «አይሆንም» ያሉት ሆነ፤ በሌላ አገር ደግሞ ሊሆን ይገባ የነበረው ሳይሆን ቀረ። ታሪክ ጸሐፊ ውጤቱን አስቀድሞ ስለሚያውቅ ነቢይ መስሎ ሊታይ ይወዳል። ከዚህ ተጠንቀቁ።

የዚህችን መርከብ ሂሳብ ደግሞ እንይ፤ እውነተኛው ታሪክ ያለው እዚያ ነውና። ወጪዋ ከ65 ሺህ ፓውንድ በላይ ነበር፤ በዚያ ዘመን ዐሥር ያህል ደህና የጦር መርከቦችን ያሠራ የነበረ ገንዘብ ነው። ለመርከቦች ተብሎ ሕዝቡ ላይ የተጣለው ግብር ንጉሡን ከተገዢዎቹ ጋር ካቃቃሩት ነገሮች አንዱ ሆነ፤ ፍጻሜውን ታውቁታላችሁ፤ ጦርነት ተነስቶ የንጉሡ አንገት ተቀላ። በወርቅ ቅብ ያጌጠውን የመርከቧን ጀርባ ብቻ የሳለ ሰው ይህን ሁሉ አያይም። የድግሱን ወጪ የሚያውቀው ደጋሹ እንጂ ታዳሚው አይደለም፤ እናንተም ወደ ደጋሹ መዝገብ ሂዱ። ዜና መዋዕልና የጀግና ታሪክ ለማንበብ ይጥማሉ፤ የምስማር፣ የሬንጅ፣ የገመድ፣ የቢራና የደረቅ ዳቦ ሂሳብ ግን አይዋሽም። ይዋሻል እንኳ ቢባል የሚዋሸው ስለ ገንዘብ ነው፤ ያ ደግሞ በድምር ይጋለጣል።

በዚህ ረገድ አርአያ የሚሆናችሁ ሰው የስቶክሆልም ዩኒቨርሲቲው ያን ግሌቴ ነው፤ በ2009 ዐርፏል። ያደረገው ነገር በቃል ሲነገር አሰልቺ ነው። ከ1500 እስከ 1860 የነበሩትን የአውሮፓና የአሜሪካ የባሕር ኃይሎች መርከቦች ሰብስቦ፣ የእያንዳንዱን ክብደት በአንድ ዓይነት መለኪያ አስልቶ፣ በየአምስትና በየዐሥር ዓመቱ የየአገሩን ኃይል ደመረ። ከዚያ በፊት አንዱ መርከብ ይቆጥራል፣ አንዱ መድፍ ይቆጥራል፣ ሌላው የጭነት ቶን ይጠቅሳል፤ ሁሉም በየራሱ አገር መለኪያ። ንጽጽሩ ሁሉ ወሬ ነበር ማለት ይቻላል። ከግሌቴ ሥራ በኋላ ግን ቋሚ የባሕር ኃይል መገንባትና ዘመናዊ መንግሥት መገንባት እንዴት አብረው እንደሄዱ በቁጥር ይታያል። ግብር መሰብሰብ የማይችል ንጉሥ መርከብ ማቆየት አይችልም፤ መርከብ ውኃ ላይ ቆማም ትበሰብሳለችና። ብልጭ ድርግም የሚል ጽሑፍ አልጻፈም፤ ግን ሁላችንም ዛሬ የምንቆመው እሱ በደለደለው መሬት ላይ ነው።

አንድ ሌላ ልማድ አለ፤ ከሥሩ ንቀሉልኝ። ታሪክን እንደ መሰላል ማየት። መጀመሪያ ቀስት፣ ከዚያ መድፍ፤ መጀመሪያ ቀዛፊ፣ ከዚያ ሸራ፤ አንዱ ሲመጣ ሌላው ይጠፋል ብሎ ማሰብ። የእንግሊዟ «ሜሪ ሮዝ» በ1545 ፖርትስመዝ ፊት ለፊት ከፈረንሳይ ጦር ጋር ስትፋለም ሰመጠች፤ በ1982 ግማሽ አካሏ ወጣ። በአንዱ የመድፍ ወለል ላይ ከአንድ ወጥ ነሐስ የተቀረጹ፣ ከአፋቸው የሚጎርሱ አዳዲስ መድፎችና ከብረት ዘንግ ተቀጥቅጠው በቀለበት የታሰሩ፣ ከኋላ የሚጎርሱ አሮጌ መድፎች ጎን ለጎን ተገኙ። አጠገባቸው በሳጥን የተቀመጡ ረጃጅም ቀስቶችና በሺህ የሚቆጠሩ ፍላጻዎች ነበሩ። ሦስት ዘመን በአንዲት መርከብ ውስጥ። ሰዎቹ አላመነቱም፤ ያላቸውን ሁሉ ተጠቀሙ። ደግሞም ሜሪ ሮዝን «የሰመጠችው መርከብ» ብቻ አድርጎ ማወቅ በደል ነው፤ ከዚያ በፊት ከሠላሳ ዓመት በላይ አገልግላለች።

እንግሊዝን ሊወጋ የተላከው የመርከብ ጦር፣ የስፔን አርማዳም እንዲሁ ነው። በ1588 ወደ 130 የሚሆኑ መርከቦች ተነሱ። እንግሊዞች መድፋቸውን አጭርና ባለ አራት ጎማ ጋሪ ላይ አድርገው ነበር፤ ወደ ውስጥ ስቦ እንደገና ለማጉረስ ይመቻል። ስፔኖች ብዙውን መድፍ ረጅም ጭራና ሁለት ትልልቅ ጎማ ባለው፣ የየብስ ጋሪ በሚመስል ነገር ላይ ጫኑት፤ በጠባብ ወለል ላይ ያስቸግራል። «አላወቁም» ይባላል። ስልታቸው ግን ሌላ ነበር። መድፉን አንድ ጊዜ ከቅርብ ተኩሶ፣ ወዲያው ተጠግቶ በወታደር ብዛት መርከቡን መውረር። በዚህ ስልት በሌፓንቶ የባሕር ውጊያ በ1571 አሸንፈዋል። አንድ ጊዜ ለሚተኩስ ሰው ቶሎ የሚያጎርስ ጋሪ ምን ያደርግለታል? እንግሊዞች አልጠጋ ሲሏቸው ነው ጉድ የፈላው። ጆን ሆኪንስና ጓዶቹ ከዚያ ቀደም ባሉት ዓመታት የመርከቦቻቸውን የፊትና የኋላ ግንብ ዝቅ አድርገው፣ ቀልጣፋ አድርገው ሠርተዋቸው ነበር። ሁለት የጦርነት ሐሳቦች ተጋጠሙ፤ ሞኝና ብልህ አልተጋጠሙም።

የእነዚያ ቀልጣፋ መርከቦች ሠሪ ከነበሩት አንዱ ማቲው ቤከር ትልቅ የንድፍ ጥራዝ ትቶልናል፤ ዛሬ ካምብሪጅ ውስጥ በሞድሊን ኮሌጅ በፒፕስ ቤተ መጻሕፍት ይገኛል። በአንዱ ገጽ ላይ ከውኃ በታች ያለውን የመርከብ አካል ይስልና በላዩ ላይ ዓሣ ያስቀምጣል። ጭንቅላቱ ወፈር ያለ፣ ጅራቱ እየቀጠነ የሚሄድ ዓሣ። ተመልከቱት፤ ሰውየው የፈሳሽ ሕግ አያውቅም፤ ነገር ግን ውኃ ውስጥ ማን እንደሚፈጥን ያውቃል፤ ከሚያውቀው ተነሳ። በሌሎቹ ገጾች ላይ ደግሞ በኮምፓስ የተሳሉ ቅስቶች አሉ፤ አናጢው በመጋዝ ከመጀመሩ በፊት ወረቀት ላይ ያስብ ጀመር። ለእኔ የጦር መርከብ ታሪክ ትልቁ መታጠፊያ ከመድፉም ይልቅ ይኸው ነው፤ እርግጥ በዚህ የማይስማሙ ባልደረቦች አሉኝ፤ ብዙዎቹ የመድፍ መስኮት መፈልሰፉን ያስቀድማሉ።

ሥራው ምን ይጠይቃል ለምትሉ በአጭሩ ልንገራችሁ። ቋንቋ ተማሩ፤ እንግሊዝኛ ብቻውን አያወጣችሁም። የድሮ የእጅ ጽሕፈት ማንበብን ተለማመዱ፤ የብራና ጽሑፍ አንብባችሁ ያደጋችሁ የቤተ ክህነት ተማሪዎች ከሌላው በፊት ትቀድማላችሁ፤ ዓይናችሁ ለምህጻረ ቃልና ለተደመሰሰ ፊደል ተገርቷልና። አናጢ ዘንድ ሄዳችሁ ተቀመጡ፤ መጥረቢያ ጨብጦ የማያውቅ ሰው እንጨት ለምን እንደዚያ እንደተቆረጠ አይገባውም። እኔን ከፕሮፌሰሮቼ እኩል ያስተማረኝ በስቶክሆልም ደሴቶች ጀልባ የሚጠግን አንድ ሽማግሌ ነው፤ ጠማማ ቅርንጫፍ ለመርከብ ጎድን ከቀጥታ ግንድ ይልቅ ለምን እንደሚወደድ መጋዝ ሰጥቶ አሳየኝ። በኢንተርኔት የተቃኙ ሰነዶችን ተጠቀሙ፤ በረከት ናቸው። የሌላ ሰው ማጠቃለያ ግን ሰነዱን አይተካም። ገንዘቡን በተመለከተ፣ በዚህ ሙያ ማንም አይከብርም። እንጀራ የሚያበላ ሌላ ሥራ ይዞ ማታ ማታ ማጥናት ነውር የለበትም፤ የማከብራቸው አንዳንድ የመርከብ ታሪክ አዋቂዎች እንዲህ ኖረው ነው የጻፉት።

የደረሳችሁበትን ነገር ደግሞ ለመለወጥ ተዘጋጁ። ቫሳ ውስጥ ከተገኙት አፅሞች አንዱን ሁላችንም ለብዙ ጊዜ «ጉስታቭ» እንለው ነበር፤ ጎበዝ መርከበኛ አድርገን እናስበው ነበር። የዳሌው አጥንት የሚያጠራጥር ነገር ነበረው። በ2023 የዘረመል ምርመራው ውጤት ሲወጣ ሴት ሆና ተገኘች፤ አሁን «ጌርትሩድ» ትባላለች። የማን ሚስት እንደነበረች፣ ለምን በመርከቧ ላይ እንደተሳፈረች አዲስ ጥያቄ ተከፈተ። የሙዚየሙ ሰዎች ጽሑፉን ቀየሩት። አላፈሩም፤ የሚያሳፍርም ነገር የለውም።

አሁን ወደ ገዛ ቤታችሁ የሚያስገባ አንድ ሥራ ላመላክታችሁና ላብቃ። በ1541 የካቲት ውስጥ የፖርቹጋሎች የሕንድ ገዢ ኢስቴቫው ዳ ጋማ ጦር መርከቦቹን ይዞ ምጽዋ ደረሰ። ዓላማው ሱዌዝ ሄዶ የኦቶማን መርከቦችን ማቃጠል ነበር። ትልልቆቹን የሸራ መርከቦች ምጽዋ ትቶ በቀዛፊ በሚነዱ ትንንሾች ወደ ሰሜን ሄደ። ይህን አንብባችሁ «በ1541 ገና በቀዛፊ ይሄዱ ነበር?» ብላችሁ እንዳትስቁ። በቀይ ባሕር ሰሜናዊ ክፍል ነፋሱ የዓመቱን አብዛኛውን ጊዜ ከሰሜን ይነፍሳል፤ ትልቅ ሸራ ያላት መርከብ ፊት ለፊት ልትጋፈጠው አትችልም። ቀዛፊው ትክክለኛው መሣሪያ ነበር። ሱዌዝ ደርሰው የኦቶማን መርከቦች ተጠብቀው አገኙና ሳይሳካላቸው ተመለሱ። በሐምሌ የገዢው ወንድም ክርስቶቫው ዳ ጋማ አራት መቶ ሰዎች ይዞ አፄ ገላውዴዎስን ሊረዳ ወደ ደጋው ወጣ፤ የቀረውን ከትምህርት ቤት ታውቁታላችሁ።

ከእነዚያ መርከቦች ጋር ዡዋው ዴ ካስትሮ የሚባል ሰው ነበር፤ በኋላ እሱም የሕንድ ገዢ ሆኗል። የጉዞ መዝገብ ጽፏል፤ ምጽዋን ጨምሮ የቀይ ባሕር ወደቦችን ስሏል። በሥዕሎቹ ላይ መርከቦች ቆመዋል፤ ባለ ሸራውም ባለ ቀዛፊውም። ፖርቹጋልኛ ተማሩ። ሥዕሉን በአንድ እጃችሁ፣ የአፄ ገላውዴዎስን ዜና መዋዕል በሌላው ይዛችሁ ተቀመጡ። ምሰሶዎቹን ቁጠሩ፤ የመቅዘፊያዎቹን ረድፍ ቁጠሩ፤ መድፉ ከየትኛው መርከብ ላይ ወርዶ፣ በምን ላይ ተጭኖ፣ ከምጽዋ ወደ ድባርዋ በየትኛው መንገድ እንደወጣ ጠይቁ። ያገኛችሁትን ላኩልኝ፤ በተለይ ከእኔ የማይስማማውን።